በአሳሹ ላይ የተሳቀ ሳቅ

በ1913 ዓ.ም. (በዚህ ጽሑፍ ዓመታቱ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው) ጆን ራንዶልፍ ብሬይ የተባለ አሜሪካዊ ሠዓሊ ኮሎኔል ሔዛ ላየር የሚባል ሰው ሣለና በአጭር የካርቱን ፊልም ወደ አፍሪካ ላከው። የኮሎኔሉ ስም በእንግሊዝኛ ጮክ ተብሎ ሲጠራ «ውሸታም ነው» ይላል። አጭር፣ ቦርጫም፣ መነጽራም ሰውዬ ነው፤ የሚያወራው ጀብዱ ከቁመቱ ይበልጣል። ከእሱ በኋላ በመጡት ሠላሳ ገደማ ዓመታት የአሜሪካ ካርቱን ሠሪዎች ከታወቁ ገጸ ባሕርያቶቻቸው መካከል ወደ ጫካ ያልላኩት ጥቂት ነው። የዲዝኒ አሊስ በ1924 ለአደን ወረደች፤ ጥንቸሉ ኦስዋልድ በ1928፣ ሚኪ ማውስ በ1929 ተከተሉ፤ ቦስኮ በ1930 ኮንጎ ገባ፤ ቤቲ ቡፕ በ1932፣ ፖርኪ የተባለው አሳማ በ1940 ደረሱ። አካሄዱ በዝርዝር ቢለያይም በመንፈሱ አንድ ነው። መጤው ጠመንጃውን ይዞ ጫካ ይገባል፤ ጠመንጃው ይከዳዋል፤ አውሬ ያባርረዋል፤ ሰው በሎች ድስት ጥደው ይጠብቁታል፤ በመጨረሻም እግሬ አውጪኝ ብሎ ይሮጣል። ተመልካቹ የሚስቀው በዚህ መጤ ነው። ታዲያ በአሳሹ ላይ መሳቅ አሳሽነትን መንቀፍ ነውን? አንድ ሥልጣኔ የራሱን ጀግና አዋርዶ ሲያሳየን፣ ጀግናው የያዘውን ነገር ለቀቀ ማለት ነው፣ ወይስ በሳቁ ተከልሎ አጥብቆ ያዘው?

ለዚህ ጥያቄ ቶሎ የሚገኝ መልስ አለ፤ እሱም ሳቅ ሁልጊዜ ኃያሉን ያቀልለዋል የሚለው ነው። ኮሎኔሉን ብቻ ቀረብ ብለን ብንመለከተው ግን መልሱ ይላላል። ብሬይ ኮሎኔሉን ሲሥል ብዙ የወሰደው ከቴዎዶር ሩዝቬልት ነበር። ሩዝቬልት በመጋቢት 1909 ፕሬዚዳንትነቱን እንደለቀቀ የስሚዝሶኒያን ተቋም በተካፈለበት ዘመቻ ወደ ምሥራቅ አፍሪካ ሄደ፤ ከልጁ ከከርሚት ጋር 512 ትልልቅ እንስሳት ገደለ፤ ዝርዝሩንም በመጽሐፉ ውስጥ አኖረው። የካርቱኑ ቀልድ የተተከለው እዚህ ላይ ነው። ኮሎኔሉ የሚዋሸው ስለ ገደለው አውሬና ስለ ጀግንነቱ ነው፤ እኛም የምንስቀው በዚህ ውሸት ነው። በዚያው ሰሞን ግን እንግሊዞች በያዙት በዚያ ምድር ሌላ ነገር ይካሄድ ነበር። ማሳዮች በ1904 በአንድ ውል ከስምጥ ሸለቆው ግጦሻቸው እንዲነሡ ተደርገዋል፤ በ1911 ደግሞ በሌላ ውል «ለዘለዓለም የእናንተ ነው» ከተባሉት ከላይኪፒያ ሊነሡ ነው። ሩዝቬልት ያደነው በሁለቱ መፈናቀሎች መካከል ነው። ውሸታሙን ኮሎኔል የፈጠረው ቀልድ የአዳኙን ጉራ አጋለጠ፤ ምድሩ የማን ነው የሚለውን ጥያቄ ግን አልነካም። እንዲያውም ጉራው ሲጋለጥ ጥያቄው ይበልጥ ተሰወረ፤ ምክንያቱም አንድ ሰው ስለ ትንሽ ነገር ሲዋሽ የተያዘ እንደሆነ ሰሚው ትልቁን ነገር እውነት ነው ብሎ ያልፈዋል።

አሳሽ ማለት ታዲያ ማን ነው? ያልታወቀን አገር የሚያገኝ ሰው ነው ብንል ወዲያው «ለማን ያልታወቀ?» የሚል ጥያቄ ይመጣል፤ በአገሩ የሚኖሩት ያውቁታልና። መንገደኛ ነው ብንልም አይበቃም፤ ነጋዴም ተሳላሚም መንገደኞች ናቸው። ልዩነቱ ያለው በአገባቡ ላይ ይመስለኛል። በእኛ አገር የመሸበት መንገደኛ ደጅ ቆሞ «የእግዜር እንግዳ ነኝ» ሲል፣ ባለቤቱም «ቤት ለእንግዳ» ብሎ ሲመልስ፣ በሁለቱ አጫጭር ቃሎች ውስጥ ብዙ ነገር ይታመናል። ቤት መኖሩ ይታመናል፤ ባለቤት መኖሩ ይታመናል፤ ባለቤቱም ቢፈልግ እምቢ ማለት እንደሚችል ይታመናል። አሳሹ ይህን የደጅ ንግግር የዘለለ እንግዳ ነው። ይሁንና ነገሩ ከዚህም የጠለቀ ነው። በ1868 መቅደላ ላይ የአፄ ቴዎድሮስን ፍጻሜ ለኒው ዮርክ ሄራልድ የዘገበው ሄንሪ ስታንሊ፣ ከ1879 ጀምሮ ለቤልጂጉ ንጉሥ ለሊዮፖልድ ተቀጥሮ ኮንጎ ውስጥ ሲሠራ፣ እሱና ባልደረቦቹ የየአካባቢውን አለቆች በውል ወረቀት ላይ ምልክት ያስደርጉ ነበር። ከባዶ ቤት ፊርማ አይገኝም። ስለዚህ ቅኝ ገዢው ባለቤት መኖሩን ያውቅ ነበር፤ ወረቀቱ እስኪፈረም ድረስ ያስፈልገው ነበር፤ ከተፈረመ በኋላ ነው ባለቤቱ «ጫካ» የሆነው። ካርቱኑ የሚጀምረው ከዚህ ከሁለተኛው ደረጃ ነው። ያ የማታለያ ወረቀት እንኳ የሚያውቀውን ካርቱኑ አያውቅም።

እዚህ ላይ ስለ ሳቅ ራሱ ማሰብ ያስፈልጋል። ፈረንሳዊው ፈላስፋ ሄንሪ በርግሶን በ1900 ስለ ሳቅ በጻፈው መጽሐፍ ከሰው ውጭ የሚያስቅ ነገር የለም ይላል፤ መልክዓ ምድር ሊያምር ወይም ሊያስጠላ ይችላል እንጂ አያስቅም፤ በእንስሳ ብንስቅ እንኳ የሰው ነገር ስላየንበት ነው። ይህ እውነት ከሆነ ሳቅ አንድ ዓይነት ምስክርነት ነው፤ የሳቅንበትን ነገር ሰው መሆኑን መስክረንለታል ማለት ነው። የካርቱን ጥበብ ደግሞ ይህን ምስክርነት ያለ ልክ ያሰፋዋል። ቦስኮ በኮንጎ ጫካ ውስጥ ከነብር ጋር ሙዚቃ ይጫወታል (ያውም ባለ ዥንጉርጉር መስመሩ የእስያ ነብር፣ አፍሪካ ውስጥ የሌለው)፤ ዘንባባው ወገቡን እያወዛወዘ ይጨፍራል። የሶቭየቱ የፊልም ሊቅ ሰርጌይ አይዘንስታይን በ1940ዎቹ ስለ ዲዝኒ ሲጽፍ የማረከው ይኸው ነበር፤ የተሣለ ነገር በአንድ ቅርጽ ታስሮ አይቀርም፤ ይረዝማል፣ ይቀልጣል፣ ሌላ ይሆናል። ዛፍ ነፍስ ይዘራል፤ ድንጋይ ይተነፍሳል። እንግዲህ ሁሉም ነገር ነፍስ በሚዘራበት በዚህ ዓለም አፍሪካዊው ከሁሉ አብልጦ ሕያው መሆን ነበረበት። የሆነው ግን ተቃራኒው ነው። ከንፈሩ፣ በፀጉሩ የተሰካው አጥንት፣ የሣር ግልድሙ ከፊልም ፊልም አይለወጡም። ዘንባባው የየራሱ አመል ሲኖረው እሱ የለውም፤ አንበሳው ሲጠራጠር፣ ሲያፍር፣ ሲኮራ እሱ ያው ከመንጋው አንዱ ነው። ለዛፍ የተሰጠው እስትንፋስ ለሰው ተነፈገ። ሥራው አድካሚ ነው፣ አንዱን ሥዕል ደጋግሞ መቅዳት ገንዘብና ጊዜ ይቆጥባል የሚል ይኖራል፤ ልክ ነው፤ ግን ቁጠባም ምርጫ ነው። ጉልበት የሚቆጥብ ሰው መጀመሪያ የሚቆጥበው ሊያየው ካልፈለገው ነገር ላይ ነው።

ያው በርግሶን በዚያው መጽሐፍ ጥቁር ሰው ለምን ያስቃል ብሎ ይጠይቃል፤ መልሱም ለምናባችን ጥቁር ፊት ቀለም ወይም ጥላሸት የተቀባ ፊት ስለሚመስል ነው የሚል ነው። በርግሶን ይህን የጻፈው የምናብን አሠራር ሊያስረዳ ነበር፤ ግን የራሱ ጥያቄ «እኛ» ማን እንደሆነ ሳይጠይቅ ያልፋል። ከሃምሳ ዓመት በኋላ ምናቡ ራሱን ገለጠ። በ1951 በወጣው የቶም እና ጄሪ ፊልም ድመቱ ቶም መርከቡ ተሰብራ በአንድ ደሴት ላይ ይጣላል። ጄሪ ከድስት ቂጥ ጥላሸት ወስዶ ይቀባና የሣር ግልድም ታጥቆ ሰው በላ ይሆናል፤ ቶምም ተንቀጥቅጦ ይገዛለታል። ቅጽበቷን ቆም ብሎ ማየት ይገባል። የሰው በላነት ፍቺ በሁለት ዕቃዎች ተጠቃለለ፤ ጥላሸትና ሣር። ማንም ሊለብሰው ይችላል፤ ስለዚህ ከውስጡ ማንም የለም። ፊልሙ እዚህ ላይ ቢያበቃ ኖሮ ታላቅ እውነት ተናግሮ ነበር፤ የቶም ፍርሃት ባዶ ልብስን የፈራ ፍርሃት መሆኑን ባሳየን ነበር። ወዲያው ግን «እውነተኞቹ» ሰው በሎች ይመጣሉ፤ መልካቸውም ጄሪ ራሱን ካስመሰለው አይለይም። ማስመሰያውና እውነተኛው አንድ ዓይነት ከሆኑ፣ እውነተኛ የተባለው ራሱ ማስመሰያ ነው ማለት ነው። ፊልሙ ይህን ይዞ ሳለ አያየውም። ድስቱስ? ሊዮፖልድ ኮንጎን የግሉ አድርጎ በያዘበት ከ1885 እስከ 1908 ባለው ዘመን፣ የጎማ ኮታ ባልሞላበት መንደር ሰው ይገደል፣ እጅ ይቆረጥ እንደነበር የእንግሊዝ ቆንስሉ ሮጀር ኬዝመንት በ1904 በታተመው ዘገባው ላይ አስፍሯል። የሰው ሥጋ ወደ ጎማና ወደ ገንዘብ የተለወጠበት ዘመን በካርቱን ላይ ሲመጣ፣ በላተኛው ተበዪ፣ ተበዪው በላተኛ ሆኖ ይታያል። ሠዓሊዎቹ ይህን አስበው አደረጉት አልልም፤ ፍርሃት ባለቤቱን ሲቀይር ማንም ማሰብ አያስፈልገውምና።

የሚቀርበው ጠንካራ ተቃውሞ ይህ ነው። ካርቱን ሠሪዎቹ አፍሪካን ሳይሆን ስለ አፍሪካ የተሠሩትን ፊልሞች ነው ያላገጡባቸው፤ ስለዚህ የሐሰትን ምስል አጋለጡ እንጂ አልፈጠሩም። ተቃውሞው መሠረት አለው። ሩዝቬልት ገና አፍሪካ ሳለ በ1909 ዊልያም ሴሊግ ቺካጎ ውስጥ በስቱዲዮ ሰው ሠራሽ ጫካ አቁሞ፣ ሩዝቬልትን የሚመስል ተዋናይ ቀጥሮ፣ ያረጀ አንበሳ በካሜራ ፊት አስገድሎ ፊልም ሸጧል። በ1930 የወጣው «ኢንጋጊ» የኮንጎ ዘገባ ነኝ ብሎ ብዙ ገንዘብ ካገኘ በኋላ፣ ፒግሚ የተባሉት የሎስ አንጀለስ ሕፃናት፣ ጎሪላ የተባለውም ቆዳ የለበሰ ተዋናይ መሆኑ ተጋለጠ። በ1940 ፖርኪ የገባበት ካርቱን ርእሱ እንኳ በ1930 በወጣ አንድ የአፍሪካ ጉዞ ፊልም ርእስ ላይ የተሠራ ቀልድ ነው። በ1938 ቴክስ አቬሪ የሠራው «የፒንጎ ፖንጎ ደሴት» ደግሞ የጉዞ ፊልሞችን ተራኪ ግርማዊ ድምፅ መሳቂያ ያደርገዋል፤ ከበሮ ሲመቱ የነበሩት የደሴቲቱ ሰዎች ወደ ጃዝ ሲሻገሩ ተራኪው የተናገረው ሁሉ ይፈርሳል። ይህን ሁሉ እቀበላለሁ። ነገር ግን አንድን ውሸት ለማላገጥ ውሸቱን መድገም ግድ ነው፤ የተደገመው ውሸት የሚፈርሰው ደግሞ በቦታው የሚቆም ነገር ሲኖር ብቻ ነው። አቬሪ ተራኪውን ሲጥለው ተራኪው የተናገረላቸውን ሰዎች አላነሣቸውም፤ ከተራኪው ሥዕል አውጥቶ ወደ ሌላ የታወቀ ሥዕል፣ ወደ ኒው ዮርክ ጥቁሮች ሰፈር ወደ ሃርለም የጭፈራ ቤት ሥዕል አዛወራቸው። የቺካጎን ስቱዲዮ ውሸት ያወቀ ተመልካች «ይህ አፍሪካ አይደለም» ማለት ይችላል። «እንግዲያ አፍሪካ ምንድን ናት?» ለሚለው ግን ከካርቱኑ የሚያገኘው ያንኑ የሐሰት ጫካ ነው፤ ልዩነቱ አሁን ሐሰትነቱን እያወቀ መደሰቱ ነው። የታወቀ ሐሰት ደግሞ ከተሸሸገው ይልቅ ዕድሜው ይረዝማል፤ ማንም እውነት ነው ስለማይለው ማንም ሊያስተባብለው አይነሣም።

በዚያ ዘመን ሁሉም ሕዝብ ተሥሎበታል፣ አይሪሹም አይሁዱም ስኮቱም ገበሬውም ተስቆበታል የሚል ሌላ ክርክርም አለ። ይህ በእውነታው ልክ ነው፤ በድምዳሜው ግን ይሳሳታል። በአይሪሹ ሥዕል የሳቀ የኒው ዮርክ ሰው ከሲኒማው ሲወጣ በር ላይ አይሪሽ ፖሊስ፣ በምርጫ ቀን አይሪሽ ፖለቲከኛ ያገኛል፤ ሥዕሉ ከሰው ጋር ይጋጫል። የኮንጎው ሰው ግን ለዚያ ተመልካች ከሥዕሉ ውጭ የለም። በዚያ ላይ ሥዕሉ ወደ ኋላ የሚዘልቅ ሐረግ አለው። ነጮች ፊታቸውን እያጠቆሩ የሚያቀርቡት ተውኔት በአሜሪካ የገነነው በ19ኛው መቶ ዘመን አጋማሽ ሲሆን፣ ከዝነኞቹ ቡድኖች አንዱ «የኢትዮጵያ ዘማሪዎች» ተብሎ በ1844 በዋይት ሐውስ እስከ መጫወት ደርሷል። የአገራችን ስም እንዲህ የጥላሸት መጠሪያ ሆኖ ዞሯል። ቦስኮም ሚኪም በነጭ ጓንታቸውና በሰፊ አፋቸው የዚያ መድረክ ልጆች ናቸው። ስለዚህ ጫካ የገባው አሳሽ ራሱ ከተጠቆረ ፊት የተወለደ ነው፤ ጫካው ውስጥ የሚያገኘው ደግሞ ያንኑ ፊት ነው፤ በአንዱ ላይ ነፃነት፣ በሌላው ላይ አጥር ሆኖ።

አንድ ፊልም ግን ይህን አጥር ሳይፈልግ ሰንጥቆታል። የፍላይሸር ወንድማማቾች በ1932 የሠሩት፣ ርእሱ «አንተ መናጢ፣ ስትሞት ደስ ይለኛል» እንደማለት የሆነው የቤቲ ቡፕ ፊልም ነው። ሲጀምር ሉዊ አርምስትሮንግ ከባንዱ ጋር በካሜራ ተቀርጾ ይታያል፤ ከዚያ ወደ ተሣለው ጫካ እንገባለን። የጫካው ሰዎች ቤቲን ይነጥቃሉ፤ ጓደኞቿ ቢምቦና ኮኮ ይሸሻሉ፤ አንድ አሳዳጅ ከኋላ ይከተላቸዋል። እየሮጠ ሳለ ራሱ ከአካሉ ይለያል፤ ያድጋል፤ በሰማይ ላይ ይንሳፈፋል፤ ከዚያ ሥዕሉ ይጠፋና የአርምስትሮንግ ሕያው ፊት በቦታው ይመጣል፤ ዐይኑ፣ ጥርሱ፣ የሚንቀሳቀሰው ጉንጩ፣ እየዘፈነ። ስድቡ ግልጽ ነው፤ ዘመኑ ከወለዳቸው ታላላቅ ሙዚቀኞች አንዱን ከሰው በላ ጋር አንድ አድርጎታል፤ ይህን የሚያስተባብል ንባብ ሊኖር አይችልም። ነገር ግን ምስሉ ከስድቡ አምልጦ ይሄዳል። ሥዕሉ በፎቶግራፍ ሲሰበር፣ ስም የሌለው ከመንጋው አንዱ ስም ያለው ሰው ሆነ፤ የሚያየን ዐይን አወጣ። የሚዘፍነውስ ምንድን ነው? ዘፈኑ ቤቱ ያስገባው ሰው ሚስቱን አልተው ያለበት የአንድ ባለቤት ምሬት ነው፤ ማለትም የክፉ እንግዳ ክስ። ዘፈኑ የተመረጠው ዝነኛ ስለነበር ነው፤ ጫካው የተመረጠው የተለመደ ስለነበር ነው። ሁለቱ ሲገናኙ ግን የተሣለው ጫካ ቤት፣ አሳዳጁ ባለቤት፣ ሯጮቹ ደጅ ሳያንኳኩ የገቡ እንግዶች ሆኑ። ይህ የአንተ ትርጉም ነው፣ ፍላይሸሮች አላሰቡትም ቢሉኝ አላሰቡትም እላለሁ። እኔ የምለው የሚያንስም የሚከብድም ነው፤ ያ ሰው ድምፅ በተሰጠው ቅጽበት፣ ማንም ባያስበውም፣ የሚወጣው ድምፅ የባለቤት ድምፅ ነው። ፊልሙ ሊከተለው አልደፈረም፤ እስከ መጨረሻው የምንሳቀቀው ለሯጮቹ ነው።

በ1968 ዩናይትድ አርቲስትስ «የፒንጎ ፖንጎ ደሴት»ን ጨምሮ አሥራ አንድ የዋርነር ካርቱኖችን ከቴሌቪዥን ሥርጭት አስወጣ። ከሕፃን ልጅ ፊት መነሣታቸው ተገቢ ነው፤ ከሚመረምር ሰው መሰወራቸው ግን የጠቀመው ስቱዲዮውን ነው። ያ ሥዕል ከየት እንደመጣ የማያውቅ ሰው ዛሬ በሌላ ልብስ ሲመጣበት አይለየውም።

ወደ መነሻው ጥያቄ ስመለስ መልሴ ይህ ነው። በአሳሹ ላይ የሚሳቀው ሳቅ ከአሳሹ የማይወስደው አንድ ነገር አለ፤ እሱም ተመልካችነቱ ነው። ባርኔጣውን፣ ጠመንጃውን፣ ክብሩን ይወስድበታል፤ የሚታየው ሁሉ ግን በእሱ ዐይን እንደታየ ይቀራል። የሚስቀው የገዛ ወገኑ ነው እንጂ ጫካው አይደለም። አሳሹን በእርግጥ የሚነካ ሳቅ እንዲኖር፣ ከዚያ ወገን የሚያየው ሰው ሊኖር ይገባል፤ ደግሞም ነበረ። የኮንጎ ሰዎች ስታንሊን «ቡላ ማታሪ»፣ ድንጋይ ሰባሪ፣ ብለው ስም አውጥተውለታል፤ ያላዩትን ሰው እንዲህ አይሰይሙትም። የፖርኪ ካርቱን አሳሹን ሊቪንግስተንን ፍለጋ የሚባዝን ስታንሊን ያሳየናል፤ ቀልዱ ሁሉ ሁለቱ በ1871 አፍሪካ ውስጥ በተገናኙበት የታወቀ ታሪክ ላይ የቆመ ነው። ስታንሊ ራሱ በጻፈው መጽሐፍ ግን የተገናኙበት ኡጂጂ ሲደርስ በእንግሊዝኛ ሰላም ያለው የመጀመሪያው ሰው ሊቪንግስተን አልነበረም፤ አገልጋዩ ሱሲ ነበር። ይህ ሱሲ ከሁለት ዓመት በኋላ ከጓደኛው ከቹማ ጋር ቅፍለቱን እየመራ የሊቪንግስተንን አስከሬን ከመካከለኛው አፍሪካ እስከ ባሕር ዳርቻ፣ ከሺህ ኪሎ ሜትር በላይ አድርሶታል። ለኮሜዲ ከዚህ የተሻለ መነሻ ከየት ይገኛል? በአንድ በኩል ያልታወቀ ምድር አገኘሁ የሚል፣ በሌላ በኩል በገዛ ቋንቋው እንደምን አደሩ የሚለው ሰው። ፊልሙ ከሱሲ በኩል ቢሣል ኖሮ የሚያስቀው ነገር አውሬውም ድስቱም ባልሆነ፤ ሁሉም ሰው መንገዱን በሚያውቅበት አገር መንገድ የጠፋበት፣ የሚመሩትን ሰዎች ግን የማያይ ሰው በሆነ ነበር።